መርፌው የሠርግ ቀን አያውቅም



የጥር ሠርግ ሲቃረብ እኛ ጉለሌዎች ቀድመን እናውቃለን። ሽሮ ሜዳ በእናቶችና በሚዜዎች ይሞላል፤ ጥልፍ ይመረጣል፣ ቀሚስ ይለካል፣ በዋጋ ይከራከሩበታል። ድሮ በዚህ ሰሞን የጎረቤት እናቶች «ሲስተር» እያሉ በሬን የሚያንኳኩት ደም ግፊታቸውን እንድለካላቸው፣ ወይም ለድግሱ ሽር ጉድ ሲሉ ላበጠ እግራቸው መላ እንድነግራቸው ነበር። ዘንድሮ ሌላ ጥያቄ መጥቷል፤ «ይሄ የፊት መርፌ በስንት ቀኑ ነው የሚይዘው?» የሚል።

ከሁሉም ያሳሰበኝ ለዚህ ዓምድ የተላከ የአንዲት እናት ደብዳቤ ነው። ስማቸውን አልጠቅስም። ዕድሜያቸው 58 ነው፤ የበኩር ልጃቸውን ሊድሩ ነው፤ ይህ ጽሑፍ ለንባብ ሲበቃ ለሠርጉ ዘጠኝ ቀን ይቀረዋል። ከአሜሪካ የመጣች ታናሽ እህታቸው ግንባሯ ልሙጥ ብሎ ሲያዩ እሳቸውም ልባቸው ተነሣ። ቤት ለቤት እየዞረች የምትወጋ ሴት በሰው በሰው ተገኘች። ሴትየዋም «ዛሬ ተወግተው ነገ ልጅ እግር ይመስላሉ፤ ካልያዘልዎት በሦስተኛው ቀን በነፃ እደግምልዎታለሁ» አለቻቸው። የእሳቸው ጥያቄ አጭር ነው፤ ዘጠኝ ቀን ይበቃል ወይ?

መልሴን አላቆይም። እህቴ፣ ለዚህ ሠርግ አይወጉ። ዘጠኝ ቀን መርፌው ሥራውን እንዲጀምር ይበቃል፤ ሥራውን እንዲጨርስና ጉድለት ቢታይ እንዲስተካከል ግን አይበቃም። ከዘጠኙ ቀን ይልቅ ያስደነገጠኝ ደግሞ «ነገ» የሚለው ተስፋና «በሦስተኛው ቀን እደግማለሁ» የሚለው ቸርነት ነው። ምክንያቱን በዝርዝር ላስረዳ፤ ደብዳቤውን ባይጽፉትም ጥያቄው የብዙ እናቶችና የብዙ ሴት ልጆች መሆኑን አውቃለሁና።

እኛና መርፌ

በጤና ተቋም ባገለገልኩባቸው ዓመታት ከሰማኋቸው ልመናዎች ሁሉ የሚበዛው «ኪኒኑ ይቅርብኝ፤ መርፌ ውጉኝ» የሚለው ነበር። መርፌ ቶሎ ይይዛል የሚል እምነት በውስጣችን ሥር ሰዷል። ለአንዳንዱ መርፌ እውነት ነው፤ የሕመም ማስታገሻ ሲሰጥ ብዙ ሳይቆይ ያቀላል። ለሌላው ግን እውነት አይደለም። የልጆቻችሁን ክትባት አስታውሱ፤ ሕፃኑ ከበሽታው የሚጠበቀው በተወጋበት ቀን አይደለም፤ ሰውነቱ መከላከያውን እስኪሠራ ሁለት ሳምንት ገደማ ይፈልጋል። የሦስት ወር የወሊድ መከላከያ መርፌ የወሰዳችሁ እናቶች ደግሞ ሌላ ነገር ታውቃላችሁ። ኪኒን ካልተስማማ ይተዋል፤ ይህ መርፌ ግን አንዴ ከገባ፣ ባይስማማም ጊዜውን ሳይጨርስ አይለቅም።

የፊት መርፌ የሁለቱንም ጠባይ ይዟል። እንደ ክትባት ለመያዝ ይዘገያል፤ እንደ ሦስት ወሩ መርፌ ከገባ በኋላ አይመለስም። እነዚህን ሁለት ነገሮች የያዘ ሰው የቀረውን በቀላሉ ይረዳዋል።

ከመርዝ ወደ መድኃኒት

ሁላችንም «ቦቶክስ» የምንለው በእርግጥ የአንድ ምርት የንግድ ስም ነው፤ ዲስፖርትና ዜኦሚን የሚባሉም አሉ። ሁሉም የተሠሩት ክሎስትሪዲየም ቦቱሊነም የተባለ ባክቴሪያ ከሚያመነጨው መርዝ ነው፤ መጠኑ እጅግ አንሶ፣ ተጣርቶና ተመጥኖ።

ይህ ባክቴሪያ የታወቀበት ታሪክ ከድግስ ጋር የተያያዘ ነው። እ.ኤ.አ. በ1895 በቤልጅየም፣ ኤሌዜል በምትባል መንደር፣ ለቀብር ሥነ ሥርዓት የተጠሩ ሙዚቀኞች አብረው የአሳማ ሥጋ በሉ። ብዙዎቹ ታመሙ፤ ሦስቱ ሞቱ። ነገሩን የመረመሩት ኤሚል ቫን ኤርመንገም የተባሉ ፕሮፌሰር ባክቴሪያውን ከሥጋው ለይተው አወጡት። ልብ በሉ፤ ሙዚቀኞቹ ከማዕድ ሲነሡ ደኅና ነበሩ። ዓይናቸው አንዱን ሁለት አድርጎ ማየት፣ ጉሮሯቸው አልውጥ ማለት የጀመረው ዘግይቶ ነው። መርዙ ከጥንቱም ችኩል አልነበረም።

ሰባ፣ ሰማንያ ዓመት ካለፈ በኋላ አለን ስኮት የተባሉ የሳን ፍራንሲስኮ የዓይን ሐኪም ይህንኑ መርዝ በጥቂቱ እየመጠኑ ለሸውራራ ዓይን ሕክምና አዋሉት። እ.ኤ.አ. በ1989 የአሜሪካ የምግብና መድኃኒት አስተዳደር ለሸውራራ ዓይንና ያለ ፈቃድ ለሚጨፈን የዓይን ቆብ መድኃኒትነት ፈቀደው። በካናዳ ቫንኩቨር ደግሞ ዣን ካራዘርስ የተባሉ የዓይን ሐኪም፣ ለዓይን ቆባቸው የታከሙ ሰዎች በቅንድባቸው መካከል ያለው ሽብሽብ እንደጠፋ አስተዋሉ፤ የቆዳ ሐኪም ከሆኑት ባለቤታቸው ከአላስቴር ካራዘርስ ጋር ሆነው ጥናታቸውን በ1992 አሳተሙ። ለቅንድብ መካከል ሽብሽብ በይፋ የተፈቀደው በ2002 ነው።

አሠራሩ እንዲህ ነው። ስንቆጣ፣ ስንስቅ ወይም ፀሐይ ስትወጋን ፊታችን የሚሸበሸበው ከቆዳው ሥር ያለው ጡንቻ ስለሚኮማተር ነው። ጡንቻው የሚኮማተረው ደግሞ ነርቭ አሴቲልኮሊን የተባለ ኬሚካል ሲልክበት ነው። መርፌው ጡንቻውን አይገድለውም፤ ቆዳውንም አይወጥረውም። የነርቩ ጫፍ ውስጥ ገብቶ መልእክቱን የሚለቀውን መሣሪያ ይቆርጠዋል። መልእክት ያልደረሰው ጡንቻ ይፈታል፤ ከላዩ ያለው ቆዳም አብሮት ይዘረጋል። ወደ ነርቩ መግባትና መቁረጥ፣ የተከማቸው መልእክትም መቋረጥ ጊዜ ይጠይቃል። የሚዘገየው ለዚህ ነው።

ቀን በቀን

በመጀመሪያው ሰዓት የሚታየው የመርፌው ጠባሳ ብቻ ነው። የተወጋው ፈሳሽ ትንንሽ እብጠት ይሠራና ብዙ ሳይቆይ ይጠፋል። በዚያ ሰዓት መስተዋት አይታችሁ «ተነፋልኝ፤ ያዘልኝ» ብትሉ ያያችሁት ውሃውን ነው።

በመጀመሪያዎቹ አንድ ሁለት ቀናት አብዛኛው ሰው ምንም ለውጥ አያይም። አንዳንዱ ግን በሁለተኛው ቀን የመላላት ስሜት ይጀምረዋል። በአብዛኛው ለውጡ መታየት የሚጀምረው ከሦስተኛው እስከ አምስተኛው ቀን ነው። በሳምንቱ ጎልቶ ይታያል። ሙሉ ውጤቱ የሚታወቀው ግን በሁለተኛው ሳምንት ግድም ነው፤ ጠንቃቃ ሐኪም «በ14ኛው ቀን ተመልሰሽ ነይ» የሚለው በዚህ ምክንያት ነው። ከዚያ በፊት አንዱ ቅንድብ ከሌላው ከፍ ቢል፣ ገና እየያዘ ያለ ጎን ሊሆን ስለሚችል አይነካም።

ውጤቱ ከሦስት እስከ አራት ወር ይቆያል። ነርቩ ቀስ በቀስ አቅሙን ይመልሳል፤ ጡንቻውም እንደ ድሮው ይኮማተራል። ስለዚህ የአንዱን ጊዜ ዋጋ ስትጠይቁ፣ በዓመት ሦስት ወይም አራት ጊዜ እንደሚከፈል አድርጋችሁ አስሉት።

አንድ ነገር ልጨምር፤ ለእኛ ዕድሜ ይህ ወሳኝ ነው። ሁለት ዓይነት ሽብሽብ አለ። አንደኛው ፊታችንን ስናንቀሳቅስ ብቻ የሚታየው ነው፤ መርፌው በደንብ የሚሠራው ለዚህ ነው። ሁለተኛው ፊታችን አርፎ፣ ተኝተንም ሳለን ጭምር የሚታየው በዓመታት የተቀረጸ መስመር ነው። ይህ ይለሰልሳል እንጂ ሙሉ በሙሉ ላይጠፋ ይችላል። በ58 ዓመት ያለን ግንባር የ30 ዓመት አደርገዋለሁ የሚል ሰው ቢያንስ እውነቱን አልተናገረም።

ዘጠነኛው ቀን ለምን ይከፋል

እህቴ፣ ዘጠኝ ቀን ሲቀረው ቢወጉ የሠርጉ ዕለት የሚውለው መርፌው ሊያጠፋቸው የሚችሉ ነገሮች ሁሉ በሚታዩበት ወቅት ነው።

መርፌ ደም ሥር ነክቶ ቢበልዝ፣ ብላዡ ሳምንትና ከዚያ በላይ ሊቆይ ይችላል። መድኃኒቱ ካሰቡት ቦታ ትንሽ ፈቅ ቢል የዓይን ቆብ ይወድቃል፤ ይህም የሚታየው በተወጉበት ቀን ሳይሆን ባብዛኛው በመጀመሪያዎቹ አንድና ሁለት ሳምንታት ውስጥ ነው። በራሱ ጊዜ ይድናል፤ ግን ሳምንታት ይፈጃል። ቪዲዮ የሚቀረጹት፣ አማቶችን የሚቀበሉት፣ መልስ የሚጠሩት አንድ ዓይንዎ ግማሹ ተጨፍኖ ይሆናል ማለት ነው።

ሌላም አለ። ዕድሜያችን ሲገፋ የዓይናችን ቆብ ይከብዳል። ብዙዎቻችን ሳናውቀው በግንባራችን ጡንቻ ቅንድባችንን ወደ ላይ ይዘን ነው የምናየው፤ የግንባራችን አግድም መስመርም በከፊል የሚመጣው ከዚሁ ነው። ያ ጡንቻ ከልክ በላይ ሲፈታ ቅንድብ ይወርዳል፤ «ዓይኔ ከበደኝ፤ እንቅልፍ እንቅልፍ አለኝ» ያሰኛል። አስቀድሞ ቅንድብና ቆባችሁን በጥንቃቄ አይቶ «ለእርስዎ ግንባር ላይ ባንወጋ ይሻላል» ሊል የሚችል ሐኪም የሚያስፈልገው ለዚህ ነው። ቦርሳ ይዛ የመጣች ሴት እንዲህ ብላ ገበያዋን አታባርርም።

መሙያ መርፌ ሌላ ነው

«ነገ ታምሪያለሽ» የሚል ሰው ሲገጥማችሁ ሦስት ነገር ጠርጥሩ። ወይ አያውቅም፣ ወይ ይዋሻል፣ ወይ የሚወጋው ሌላ ነገር ነው።

ሌላው ነገር «ፊለር» ይባላል፤ መሙያ ማለት ነው። ነርቭ አይነካም፤ ጎድጓዳውን ቦታ፣ ከንፈርን ወይም ጉንጭን ይሞላል። ብዙ ጊዜ የሚሠራው ሃያሉሮኒክ አሲድ ከሚባል ነገር ነው፤ ለውጡም ወዲያው ይታያል። ከቦቶክስ ጋር በስም እየተምታታ ነው የሚነገረው። ፈጣን መሆኑ ግን ቀላል አያደርገውም። መሙያው ደም ሥር ውስጥ ቢገባ የደም ዝውውር ይዘጋል፤ ቆዳ ሊሞት፣ ዓይንም ሊጠፋ ይችላል። በዚያው ሰዓት ቆዳው ነጣ ብሎ ከባድ ሕመም ወይም የዓይን ብዥታ ከተሰማ የደቂቃ ጉዳይ ነው። የሃያሉሮኒክ አሲድ መሙያን የሚያሟሟ መድኃኒት አለ፤ ያንን መድኃኒት በእጁ ያልያዘ ሰው መሙያ ሊወጋ አይገባም። ቦቶክስን ከተወጋበት ጡንቻ መልሶ የሚያወጣ መድኃኒት ግን የለም። መጠበቅ ብቻ ነው።

በሌላ በኩል የቅርብ ጊዜ ልምዳችን የፊት ክሬሞችን ነው። ጠንካራ ስቴሮይድ ያለባቸው ክሬሞች በቀናት ውስጥ ፊትን ያቀላሉ፣ ያለሰልሳሉ፤ ሲውሉ ሲያድሩ ግን ቆዳውን ያሳሳሉ፣ ብጉርና የደም ሥር መስመር ያወጣሉ። ስንቷ ልጅ በዚህ ፊቷን አበላሽታለች! ከቆዳ ጋር በተያያዘ ፍጥነት ሁልጊዜ የጥሩ ነገር ምልክት አይደለም።

በሦስተኛው ቀን መድገም

ወጥ ሠርታችሁ ጨው ጨመራችሁ እንበል። ጨው ሳይሟሟ ቀምሳችሁ «አልጨው» ብትሉና ብትደግሙ ቆይታችሁ ምን ትበላላችሁ? በሦስተኛው ቀን መድገም እንዲሁ ነው። የመጀመሪያው መጠን ገና አልታየም፤ በላዩ ሌላ ይጨመርበታል፤ በሁለተኛው ሳምንት ሁለቱም አብረው ይመጣሉ። ጨው ቢበዛ ወጡ ይቀጠናል፤ መርፌው ግን አይቀጥንም።

ማስተካከያ ካስፈለገ የሚታየው ከሁለት ሳምንት በኋላ ነው፤ ሙሉ ሕክምናው ደግሞ ከሦስት ወር ባነሰ ጊዜ ውስጥ አይደገምም። ቶሎ ቶሎ የሚደጋግም ሰው ሰውነቱ መድኃኒቱን የሚያከሽፍ መከላከያ ሊሠራ ይችላል፤ ከዚያ በኋላ ቢወጉም አይሠራም።

ቶሎ እንዲይዝ የሚያደርግ ዘዴም የለም። ማሸት፣ በእንፋሎት መታጠን፣ መጠኑን ማብዛት አያፋጥኑትም፤ ማሸት እንዲያውም ወዳልተፈለገ ቦታ ሊገፋው ይችላል። ሐኪሞች በአብዛኛው የሚመክሩት ለአራት ሰዓት ያህል አለመተኛት፣ በዕለቱ ፊትን አለማሸትና ከባድ እንቅስቃሴ አለማድረግ ነው። በእኛ ኑሮ ሲተረጎም፤ በዚያን ዕለት ሻሽ ግንባር ላይ አጥብቆ ማሰር፣ ፀጉር ቤት ካስክ ሥር መቀመጥና ስግደት ይቆዩ ማለት ነው።

የድግስ ስሌት

ለጥር 20 ሠርግ ያሰበች እናት፣ አስባበትና ሐኪም አማክራ ከወሰነች፣ ቀኗ የታኅሣሥ ገብርኤል ነው። ታኅሣሥ 19 ብትወጋ በጥር 3 ሁለት ሳምንት ይሞላታል፤ ሐኪሙ ያያታል፤ የሚስተካከል ካለ ይስተካከላል፤ የማስተካከያውም ሁለት ሳምንት ከሠርጉ በፊት ያልቃል። ለመጀመሪያ ጊዜ የምትወጋ ከሆነ ከዚያም ቀደም ብላ በኅዳር ብትጨርስ ይመረጣል፤ ፊቷ እንዴት እንደሚቀበለው አታውቅምና። በገብርኤል የተወጋው በመጋቢትና በሚያዝያ፣ በፋሲካ ሰሞን፣ ይለቃል። መርፌው የሚሄደው በራሱ የቀን መቁጠሪያ ነው፤ ድግሱን ወደ እሱ ማስጠጋት ይቻላል እንጂ እሱን ወደ ድግሱ መጎተት አይቻልም።

ጨርሶ የማይወጉም አሉ። ነፍሰ ጡርና የምታጠባ እናት እንዲታቀቡ ይመከራል። ማያስቴኒያ ግራቪስ የተባለውን ወይም ሌላ የነርቭና የጡንቻ ድካም ሕመም ያለበት ሰው ከባድ አደጋ ሊደርስበት ይችላል። በሚወጋው ቦታ ላይ ቁስል ወይም ኢንፌክሽን ካለ አይወጋም። ጄንታማይሲንና መሰል መድኃኒቶች የመርፌውን ኃይል ሊያበረቱ ስለሚችሉ የምትወስዱትን ሁሉ ለሐኪሙ ንገሩ። ደም ማቅጠኛ የምትወስዱም እንዲሁ ተናገሩ፤ ነገር ግን ለመበለዝ ፈርታችሁ የልብ ሐኪም ያዘዘላችሁን መድኃኒት በራሳችሁ እንዳታቋርጡ።

ዘግይቶ የሚመጣ አደጋ

መርፌው መዘግየቱ ከቁንጅና ባሻገር የሕይወት ጉዳይ የሚሆንበት ጊዜ አለ። መጠኑ ከበዛ ወይም መድኃኒቱ ሐሰተኛ ከሆነ መርዙ ከተወጋበት ቦታ ወጥቶ ሊሰራጭ ይችላል። ምልክቶቹ ከሰዓታት እስከ ሳምንታት ባለው ጊዜ ውስጥ ይመጣሉ። የአሜሪካ የምግብና መድኃኒት አስተዳደር ይህ ማስጠንቀቂያ በመድኃኒቱ መግለጫ ላይ ጎልቶ እንዲጻፍ ያዘዘው እ.ኤ.አ. በ2009 ነው።

እ.ኤ.አ. በ2024 የጸደይ ወራት በዚያው በአሜሪካ፣ ከ11 ግዛቶች የመጡ 22 ሴቶች ሐሰተኛ ወይም በአግባቡ ያልተያዘ መርፌ ተወግተው መታመማቸውን የጤና ባለሥልጣናቱ አሳወቁ። ግማሾቹ ሆስፒታል ተኝተዋል። የተወጉት ፈቃድ ወይም ሥልጠና በሌላቸው ሰዎች፣ ወይም እንደ መኖሪያ ቤትና ስፓ ባሉ ከጤና ተቋም ውጪ በሆኑ ቦታዎች ነው። ቁጥጥሩ ጠበቅ ባለበት አገር ይህ ከሆነ፣ ቦርሳ ውስጥ ተይዞ ወደ ሳሎናችን ለሚመጣው ምን ዋስትና አለን?

እነዚህን ምልክቶች ማቀዝቀዣችሁ ላይ ለጥፉ፤ አንዱን ሁለት አድርጎ ማየት፣ የሁለቱም ዓይን ቆብ መውደቅ፣ የድምፅ መለወጥ ወይም የምላስ መተሳሰር፣ ምራቅና ምግብ መዋጥ ማቃት፣ የአንገትና የክንድ መዛል፣ የትንፋሽ ማጠር። ከነዚህ አንዱ የፊት መርፌ በወሰደ ሰው ላይ ከታየ እስኪያልፍ አይጠበቅም። ወደ ሆስፒታል ይሂዱ፤ የቀይ መስቀል አምቡላንስ በ907 ይጠራል። ለሐኪሙም መርፌ መወጋታችሁን፣ መቼና የት እንደሆነ ሳታፍሩ ተናገሩ። ከሦስት ሳምንት በፊት የተወጉትን መርፌ ካልነገሩት ሐኪሙ ሌላ በሽታ ሲፈልግ ጊዜው ያልፋል። እፍረት በዚህ ጉዳይ ትልቁ ጠላት ነው፤ ለልጅም ለባልም ሳይነገር በድብቅ ስለሚደረግ።

ከመወጋት በፊት የሚጠየቁ

ሕጋዊ ተቋም ሄዳችሁ ለመወጋት ከወሰናችሁ እነዚህን ሳትፈሩ ጠይቁ።

የተቋሙን የሥራ ፈቃድና የሚወጋችሁን ሰው የሙያ ፈቃድ እዩ። የቆዳ ሐኪም ወይም በዚህ የሠለጠነ ሐኪም መሆን አለበት። «ኮርስ ወስጃለሁ» ብቻውን አይበቃም።

ብልቃጡ በፊታችሁ ይከፈት። አብዛኞቹ ምርቶች ብልቃጥ ውስጥ ያሉት ደርቀው ነው፤ ብልቃጡ ባዶ እስኪመስል ድረስ። በጨው ውሃ የሚበጠሰው ሊወጋ ሲል ነው። አስቀድሞ በሲሪንጅ ተሞልቶ የመጣ ፈሳሽ ምን እንደሆነ፣ መቼ እንደተበጠሰ ማንም ሊነግራችሁ አይችልም። ብዙዎቹ ከ2 እስከ 8 ዲግሪ ሴንቲግሬድ ውስጥ መቀመጥ አለባቸው። መብራት ሲጠፋ ማቀዝቀዣው በጄኔሬተር ይሠራ እንደሆነ መጠየቅ ነውር አይደለም።

የምርቱን ስም፣ የማለቂያ ቀንና የተሰጣችሁን መጠን በዩኒት አስጽፉ። ለምሳሌ ቦቶክስ ለቅንድብ መካከል የተፈቀደው መጠን 20 ዩኒት ሲሆን በአምስት ቦታ ይከፈላል። የአንዱ ምርት ዩኒት ከሌላው ጋር እኩል ስላልሆነ ቁጥሩ ከስሙ ጋር ካልተጻፈ ትርጉም የለውም።

በመጨረሻም «በ14ኛው ቀን ማን ያየኛል?» ብላችሁ ጠይቁ። ለዚህ ጥያቄ መልስ የሌለው ሰው ለመጀመሪያው ቀንም አይሆንም። በመድኃኒቱ ሕጋዊነት ከተጠራጠራችሁ የኢትዮጵያ ምግብና መድኃኒት ባለሥልጣን 8482 የተባለ ነፃ የስልክ መስመር አለው።

ለቀሩት ዘጠኝ ቀናት

እህቴ፣ ባዶ እጅዎን አልሰድዎትም። ከዛሬ ጀምሮ አዲስ ክሬምም ሆነ አዲስ ውሕድ ፊትዎ ላይ አይሞክሩ፤ አለርጂ ቢነሣ የሚያርፍበት ቀን አይኖርዎትም። ጠዋትና ማታ ለብ ባለ ውሃ ታጥበው፣ የለመዱትን ቅባት ቆዳዎ እርጥብ ሳለ ይቀቡ። ደረቅ ቆዳ ሽብሽቡን ያጎላዋል፤ ቅባት ያገኘ ቆዳ በዚያው ዕለት ይሻላል። ከሰማሁት ሁሉ በእርግጥ «ነገ» የሚታየው ይህ ብቻ ነው!

ለግብዣ ወረቀትና ለድንኳን ሲሯሯጡ ጃንጥላ ወይም ሰፊ ባርኔጣ አይለይዎት። ከተማችን ከባሕር ጠለል ከ2,300 ሜትር በላይ ናት፤ በየ1,000 ሜትሩ ከፍታ የፀሐይ ጨረር 10 በመቶ ያህል ይጨምራል፤ በእንጦጦ ግርጌ የምንኖር ደግሞ ከሌላው ትንሽ እንበልጣለን። ጥቁር ቆዳችን ከነጮቹ ዘግይቶ እንዲሸበሸብ ይረዳናል፤ ማድያት ግን አይምረንም። ሌሊት ሌሊት ሽንኩርት መክተፉን ለልጆቹ ትተው ይተኙ። ደም ግፊትዎንም ይለኩ፤ ድግስ ብዙ እናት ጥላለች።

ከሠርጉ በኋላም ልብዎ ከፈለገ፣ ተረጋግተው ሐኪም ያማክሩ። መሸብሸብ በሽታ አይደለም፤ ማስተካከል መፈለግም ኃጢአት አይደለም። እኔ የምጠይቅዎ መርፌው የሚፈልገውን ጊዜ እንዲሰጡት ብቻ ነው።

ለወላጆችና ለአያቶች

ሁለት ነገር ብዬ ላብቃ። ሴት ልጆቻችሁ ገና በሃያዎቹ «ሳይሸበሸብ አስቀድሜ ልወጋ» ሲሉ ትሰሙ ይሆናል። ከመቆጣት ይልቅ ይህን ጽሑፍ አስነብቧቸውና በዓመት ስንት ጊዜ፣ ለስንት ዓመት፣ በስንት ብር እንደሆነ አብራችሁ አስሉ። ዕድሜያቸው ከ18 ዓመት በታች ለሆኑ ግን ጨርሶ አይታሰብም፤ እንግሊዝ እ.ኤ.አ. ከጥቅምት 2021 ጀምሮ ለእነዚህ ልጆች ለቁንጅና ብሎ መውጋትን በሕግ ከልክላለች።

ሁለተኛው ተቃራኒው ነው። ይኸው መርፌ እውነተኛ መድኃኒት መሆኑን አትርሱ። በወሊድ ጊዜ ወይም በሕፃንነት አንጎላቸው ተጎድቶ እግራቸው ለገተረ ልጆች፣ ከስትሮክ በኋላ እጃቸው ለተጨበጠ አባቶች፣ ያለ ፈቃድ ዓይናቸው ለሚጨፈን፣ አንገታቸው ለሚጠመዘዝ ሰዎች ሐኪም ሊያዝ ይችላል። ያን ጊዜ «ይሄማ የሀብታም ሴቶች መርፌ ነው» ብላችሁ እንዳትመልሱ። እዚያም ቢሆን በማግስቱ ልጁ ካልተራመደ ተስፋ አትቁረጡ፤ ለመያዝ ቀናት፣ ለመጎልበት ሳምንታት ይፈልጋል። ጡንቻው በላላባቸው በእነዚያ ወራት ደግሞ የታዘዘለትን የፊዚዮቴራፒ እንቅስቃሴ በየቀኑ አሠሩት፤ መርፌው የሚከፍተው በር እስከ ሦስትና አራት ወር ብቻ ነው፤ በበሩ ልጁን ይዞ የሚገባው እንቅስቃሴው ነው።

ቸር ሰንብቱ።